ነሐሴ 6 ወይስ ኦገስት 6? የአንድ ክር 41 መልሶች

የድሬዳዋና የሐረር ልጆች በሚገናኙበት የውይይት መድረክ ላይ ጠዋት ጠዋት የሚለጠፍ ቅይጥ አለ። ጥቂት ጠቅላላ እውቀት፣ ጥቂት ዜና፣ ጥቂት ዛሬ በታሪክ። አዘጋጁ ከድሬዳዋ አንድ የከዚራ ሰፈር ልጅ ነው። ብዙ ጊዜ ሁለት ሦስት ሰው አመስግኖት ያልፋል። የነሐሴ 6ቱ ግን እንደዚያ አላለቀም። 41 መልስ ተከትሎት ረጅም ክር፣ ማለትም ተከታታይ ውይይት ሆነ። በምስጋና ተጀምሮ ጭቅጭቅ ውስጥ ገባ፣ ከዚያ ወጥቶ ባቢሌ ደረሰ። ላላያችሁት ልተርክላችሁ።

ከመክፈቻው ልጀምር። ልጁ በነሐሴ 6 ሆኑ ያላቸውን አምስት ነገሮች ደረደረ። በ1945 ሂሮሺማ ላይ የአቶሚክ ቦምብ ተጣለ። በ1962 ጃማይካ ከእንግሊዝ ነፃ ወጣች። በ1991 የመጀመሪያው ድረ ገጽ ተከፈተ። በ1881 የፔኒሲሊኑ አሌክሳንደር ፍሌሚንግ ተወለደ። በ2006 የደቻቱ ወንዝ ሞልቶ ድሬዳዋን ጎርፍ መታት። ዓመቱ ሁሉ የፈረንጅ፣ ወሩ የሐበሻ። ከሥሩ ሁለት የጠቅላላ እውቀት ነጥብ አለ። ሐረርን የከበበው የጁገል ግንብ ስድስት በር አለው፤ ጅብ የውሻ ወገን ነው። በዜናው ክፍል ደግሞ የሐረሪዎች የሹዋሊድ በዓል በዩኔስኮ መመዝገቡን አበሰረ። መጨረሻ ላይ ከእነዚህ ውስጥ የቱን እንደምናስታውስ ጠየቀ። ጣጣውን ያመጣው ይህ ጥያቄ ነው።

1ኛውና 2ኛው መልስ ምርቃት ብቻ ናቸው።

3ኛው ጡረታ የወጡ መምህርት የጻፉት ነው። ልጄ እያሉ፣ ረጋ ብለው ነው ያረሙት። አምስቱም ነገሮች የተቀዱት ከኦገስት 6 ዝርዝር መሆኑን አስረዱ። ሲቀዳ ኦገስት ወደ ነሐሴ ተለወጠ፣ ቁጥሩ ግን ባለበት ቀረ። ኦገስት 6 በእኛ ሐምሌ 30 ነው። ነሐሴ 6 ደግሞ ኦገስት 12። ስለዚህ ቅይጡ በስድስት ቀን ዘግይቷል።

4ኛው የአዘጋጁ መልስ ነው። እትዬን አመሰገነና ራሱን ተከላከለ። ሬዲዮውም ቴሌቪዥኑም የውጭ ዜና ሲያወራ ኦገስትን ነሐሴ እያለ እንደሚያነብ፣ ሰውም እንደለመደው ጻፈ። እውነቱን ለመናገር ልጁ አልዋሸም። የኳስ ዝውውር ዜና የሚተረጉሙት ሁሉ እንዲህ ነው የሚያደርጉት። ለጃማይካ ነፃነት ስድስት ቀን ቢዛነፍ ማንም አይጎዳም። የሚያስከፋው የራሳችን ነገር በፈረንጅ ገጽ ዞሮ፣ ቀኑ ተዛብቶ ተመልሶ ሲመጣብን ነው። የደቻቱን ጎርፍ ለድሬ ሰው ከውጭ ቀድቶ መንገር ምን ይባላል?

5ኛው ግን ከአዘጋጁ ጎን ቆመ። ዋናው ነገሩ እንጂ ቀኑ አይደለም፣ ስድስት ቀን ምን አላት አለ።

እዚህ ላይ ክሩ መልኩን ቀየረ። 6ኛው መልስ አጭርና ቁጡ ነው። የጻፈችው ደቻቱ አጠገብ ያደገች ሴት ናት። ስድስት ቀን ምን አላት ላለው ሰው፣ በዚያ ሌሊት ሰው የሞተበት ቤት ሄዶ ይህንኑ እንዲናገር ጋበዘችው። ጎርፉ የመጣው በ1998 ዓመተ ምሕረት፣ ሐምሌ 29 ለ30 አጥቢያ ነው። ቅዳሜ ለእሑድ። በድሬ ይህን ቀን ለማወቅ ኢንተርኔት የሚከፍት ሰው እንደሌለም አከለችበት።

7ኛው የእሷን ቃል የሚያጠናክር ነው፣ ድምፁ ግን ሌላ ነው። ጸሐፊው ያኔ ልጅ ነበር። ከተማው ውስጥ ይህ ነው የሚባል ዝናብ እንዳልነበረ ያስታውሳል። ሁሉም ተኝቷል። መጀመሪያ የሰሙት ድምፅ ነው፤ ከባድ መኪና ድንጋይ ሲያራግፍ የመሰለ፣ ግን የማያቆም። አባቱ ልጆቹን አንድ በአንድ ወደ ጎረቤት ጣሪያ አወጣ። እናቱ ልብስ ሰፊ ነበረች። የስፌት መኪናዋ በሦስተኛው ቀን ከቤታቸው ብዙ ርቆ ተገኘ። አሸዋ ውጦት የሚታየው መዘውሩ ብቻ ነበር። ወንድሟ በእጁ ቆፍሮ አወጣው። መርፌው እንዳለ ነበር። ክሩ ሳይቀር። እናትየው ያንን መኪና በናፍጣ አጥባ፣ ዘይት ቀብታ፣ ከዚያ በኋላ ለዓመታት ሰፍታበታለች። ልጁ ከዚህ ሌላ ምንም አላለም። እኔም ክሩን ካነበብኩ በኋላ አእምሮዬ ውስጥ የቀረው ይኸው መኪና ነው።

8ኛው የሟቾቹን ቁጥር ከሺህ አስበለጠው። 9ኛው ወዲያው አረመው። በይፋ የተነገረው ከ250 በላይ ሰው መሞቱና ወደ 10 ሺህ የሚጠጋ ሰው ከቤቱ መፈናቀሉ ነው። ሐዘኑ እንዲከብድ ቁጥር መጨመር እንደማያስፈልግ፣ ያለው ራሱ እንደሚበቃ ጻፈ። ቃሉ ትንሽ ጠንከር ይላል። ግን ልክ ነው።

10ኛው አንድ የውሃ ባለሙያ ነው። ከተማ ውስጥ ሳይዘንብ ጎርፍ ከየት መጣ ለሚሉ ወጣቶች አስረዳ። ድሬ የተቀመጠችው ከተራራው ግርጌ ነው። ዝናቡ የሚጥለው ላይ፣ በደንገጎና በሐረማያ በኩል ባለው ደጋ ነው። ቁልቁለቱ ቀጥ ያለ ነው፣ ጫካው ተመንጥሯል፣ አፈሩ ውሃ አይዝም። ደቻቱ ደግሞ ዓመቱን ሙሉ ደረቅ አሸዋ ነው። ሰው ይሻገርበታል፣ ገበያ ይቆምበታል፣ ልጆች ኳስ ይጫወቱበታል። ወንዝ መሆኑ ይረሳል። ላይ የጣለው ዝናብ በጥቂት ሰዓት ውስጥ ታች ይደርሳል። ሌሊት ከሆነ ማን ያየዋል? ስለዚህ ክረምት ሲገባ የድሬ ሰው የራሱን ሰማይ ሳይሆን የደንገጎን ሰማይ እንዲያይ መከረ። በክሩ ውስጥ ከሁሉ የሚጠቅመው መልስ ይህ ይመስለኛል። የወደደው ሰው ግን አራት ብቻ ነው።

11ኛው በአዘጋጁ ላይ ቅሬታውን አቀረበ። ጎርፉን በፔኒሲሊንና በጅብ መሐል መሸጎጡ አልዋጠለትም። አዘጋጁ መልስ አልሰጠም። ጽሑፉን ገብቶ አስተካከለና ዝም አለ። የጎርፉን ነጥብ ወደ ላይ አውጥቶ ቀኑን ሐምሌ 29 ለ30 አደረገው። 12ኛው ይህን አይቶ ተናደደ። ሳይናገሩ ማስተካከል ልክ አይደለም፤ አሁን ክሩን የሚያነብ አዲስ ሰው 6ኛዋን ያለ ምክንያት የምትጮህ ያስመስላታል ብሎ ተሟገተላት። አቦ፣ ይሄ እንኳ ትክክል ነው። ከዚያ በኋላ አዘጋጁ ማረሙን የሚገልጽ አንድ መስመር ጨመረ።

13ኛው ሰላም ፈላጊ ነው። ጃማይካን ካነሳን አይቀር ለእኛ የሚቀርበው ቀን ሌላ መሆኑን አነሳ። ሚያዝያ 13 ቀን 1958፣ አፄ ኃይለ ሥላሴ ኪንግስተን ያረፉበት። ራስታዎቹ ይህን ቀን እስካሁን ያከብሩታል።

14ኛው ሒሳብ የሚወድ ልጅ ነው። ቦምቡ ሂሮሺማ ላይ የፈነዳው በጃፓን ሰዓት ጠዋት 8:15 ላይ ነው። ጃፓን በስድስት ሰዓት ትቀድመናለች። ስለዚህ እኛ ጋ ገና ሌሊት ነበር። የእኛ የሰዓት አቆጣጠር ደግሞ ከፈረንጁ በስድስት ሰዓት ይለያል። ሁለቱን ስታጣፋ፣ በዚያች ደቂቃ በእኛ ሰዓት ሌሊት 8:15 ይሆናል። ያው ቁጥር። ወረቀት ላይ ሠራሁት። ልክ ነው።

ከዚህ በኋላ ያሉት መልሶች ከቀኑ 8 ሰዓት በኋላ የተጻፉ ናቸው። በድሬም በሐረርም ይህ ሰዓት ምን እንደሆነ የአገሩ ሰው ያውቃል። የጫት በርጫው ተዘርግቷል፣ ሁሉም ሰው ባለሙያ ነው።

15ኛው ጁገል ውስጥ ተወልዶ ያደገ የሐረር ሰው ነው። ስድስት በር የሚለው ከንክኖታል። አሚር ኑር በ16ኛው ክፍለ ዘመን ያስገነቡት ግንብ በሮቹ አምስት ናቸው። ሸዋ በር፣ ቡዳ በር፣ ሰንጋ በር፣ ኤረር በር፣ ፈላና በር። ሐረሪዎች የራሳቸው ስም አላቸው፤ ሸዋ በር አስማዲን በሪ ነው፣ ቡዳ በር በድሪ በሪ። አሁን መኪና የሚገባበት ሰፊው ስድስተኛ በር በራስ መኮንን ዘመን የተከፈተ ነው። ስለዚህ ስድስት ያለ ሰው የቆመውን በር ቆጥሯል፣ የግንቡን ታሪክ ግን አልቆጠረም። ግንቡ ዙሪያውን 3.5 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። በውስጡ ዩኔስኮ 82 መስጊድና 102 የአውሊያ መቃብር መዝግቧል። ከመስጊዶቹ ሦስቱ ከ10ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ ያሉ ናቸው። ሲጽፍ ኩራቱ ያስታውቃል። ይኩራ!

16ኛው የድሬ ልጅ ነው፣ ለነገር የመጣ። ሐረሮች በር ሲቆጥሩ የኖሩት መውጫ ፍለጋ ነው ብሎ ወጋ አደረጋቸው። 17ኛው ከሐረር መልሱን ሰጠ። ድሬ ማለት ባቡር ተራራ መውጣት አቅቶት የተቀመጠበት ቦታ ነው አለ። ቀልድ ይመስላል፣ ግን ከእውነቱ ሩቅ አይደለም። 18ኛው ይህንኑ አስረዳ። እሳቸው የድሮው ምድር ባቡር ጡረተኛ ናቸው፣ ሁሉም ጋሼ ይሏቸዋል። ሐዲዱ ከጅቡቲ ሲነሳ የታሰበው ሐረር እንዲገባ ነበር። ዳገቱ ገንዘብ የሚበላ ሆነ። ስለዚህ ወደ 310 ኪሎ ሜትር ከተዘረጋ በኋላ በ1895 ታኅሣሥ ላይ ሜዳው ላይ ደረሰና እዚያው ከተማ ተቆረቆረ። የመጀመሪያ ስሙም አዲስ ሐረር ነበር። ከዚያ ሐረርን ትቶ በሜዳው ወደ አዲስ አበባ ቀጠለ። በ1909 ሲደርስ ጠቅላላ ርዝመቱ 784 ኪሎ ሜትር ሆነ። ጋሼ ማንንም ሳያስቀይሙ ነገሩን ዘጉት። ቢሆንም 19ኛው አልዘጋውም። የሐረር ከተማ የሚጠጣው ውሃ ከድሬ በኩል፣ ከአሰሊሶ ጉድጓድ በቧንቧ ተገፍቶ ዳገት እንደሚወጣ አስታወሰ። ባቡር ያልወጣውን ዳገት ውሃችን ወጥቶታል አለ። ሳቅሁ።

20ኛው አስተዳዳሪው ነው። የድሬና የሐረር ጨዋታ እዚህ ላይ ይብቃ አለ። ማንም አልሰማውም።

21ኛዋ የእንስሳት ሐኪም ናት። ጅብ የውሻ ወገን አይደለም። መልኩ፣ አፍንጫውና አሯሯጡ ያሳስታል እንጂ በሥጋ ዝምድናው ለድመት ወገን ይቀርባል። ከውሻ ይልቅ ለጥርኝ ዘመድ ነው። 22ኛው ከሐረር ተነስቶ ከዚህ ጋር ጨዋታ አመጣ። አያቱ ማታ ማታ በር ሲዘጉ ጅቡን ስሙን ሳይጠሩ በአክብሮት ነበር የሚያነሱት። ግንቡ ሥር ለጅብ ማለፊያ ተብለው የተተዉ ቀዳዳዎች አሉ። በዐሹራ ሰሞን ገንፎ ተሠርቶ፣ ቅቤ ተጨምሮበት ለጅቦቹ ይቀርባል። አንድ ዓመት እሱ ራሱ ሳህኑን ተሸክሞ ከአያቱ ኋላ ሄዷል። የመጀመሪያው ጅብ ቀረብ ብሎ አሸተተና ትቶ ዞረ። ሽማግሌዎቹ ፊታቸው ጠቆረ። ሌላው መጥቶ ሲበላ ነው ሰው ሁሉ ትንፋሽ ያወጣው። የሐረር ሰው ስለ ጅብ ሲያወራ ሌላ ሰው ስለ ጎረቤቱ እንደሚያወራው ነው።

23ኛው ወደ ዜናው ክፍል ተመለሰ። ሹዋሊድ የተመዘገበው በ2016 ኅዳር ነው። አዘጋጁ ዛሬ የሆነ አስመስሎ ለምን አቀረበው? በዚያውም በዓሉን ለማያውቁ ነገራቸው። ከረመዳን ፍቺ በኋላ ስድስቱ የሸዋል ጾም ሲጠናቀቅ የሚከበር ነው። 24ኛው ማንም ያላሰበውን አመጣ። ሐረር ጁገል ራሱ በዓለም ቅርስነት የተመዘገበው በ1998 ሐምሌ መጀመሪያ ሳምንት ገደማ ነው። የደቻቱ ጎርፍ በዚያው ወር መጨረሻ። በ55 ኪሎ ሜትር ርቀት ያሉ ሁለት ከተሞች፣ በአንድ ወር አንዱ ደስታ አንዱ ልቅሶ። የብዙ ሰው የሐረር ዘመድ ለደስታው ሳይሆን ለልቅሶ ድሬ እንደወረደ ጻፈ። ለአፍታ ያ ሁሉ ፉክክር ረገበ።

25ኛው የምድር ባቡሩ ጋሼ ናቸው። ለሐዲድ ሰው ቀን ቀልድ አይደለም። እትዬ መምህርት ያሉትን አጸኑና አንድ ደረጃ አሳለፉት። ስድስት ቀን ጨምሮ ወይም ቀንሶ መገልበጥ ለዘመናችን እንጂ ለድሮው አይሠራም። እኛ በየአራት ዓመቱ ሳናቋርጥ ጳጉሜን 6 እናደርጋለን። ፈረንጆቹ ግን በመቶኛው ዓመት፣ ለ400 ካልተካፈለ በስተቀር፣ ያችን ተጨማሪ ቀን ይዘሏታል። በ1900 ዘለሏት። በ2000 አልዘለሏትም። ስለዚህ ከ1900 በፊት የነበረ ቀን ሲገለበጥ ከዛሬው በአንድ ቀን ይለያል። ምሳሌያቸው ዓድዋ ነበር። ጦርነቱ የካቲት 23 ቀን 1888 ነው። ያ ቀን በፈረንጅ ማርች 1 ነበር፣ የጣልያን መጽሐፍ ሁሉ እንዲህ ነው የሚለው። እኛ ግን የካቲት 23ን ዛሬ ስናከብር ፈረንጁ ማርች 2 ላይ ነው። ማንም አልተሳሳተም። በ2100 ደግሞ እንደገና ይዘላሉ። ከዚያ በኋላ መስከረም 1 በተለመደው ዓመት ሴፕቴምበር 12 ላይ ይውላል።

26ኛው አላመነም። ጋሼን የሚደፍር አነጋገር ነበረው፣ በርጫው ላይ ያለ ይመስላል። የዓድዋን ቀን እስከ ዛሬ ማንም እንዲህ ብሎ አስረድቶት እንደማያውቅ ጻፈ። 27ኛዋ መልስ ሰጠችው። ካላመነ የአዘጋጁን ዝርዝር ይውሰድ። ፍሌሚንግ የተወለደው ኦገስት 6 ቀን 1881 ነው። ከ1900 በፊት ስለሆነ በእኛ ሐምሌ 30 አይደለም፣ ነሐሴ 1 ቀን 1873 ነው። ከአምስቱ ነጥቦች አንዱ ብቻውን ነሐሴ ውስጥ ገባ ማለት ነው። 26ኛው ከዚያ ወዲያ አልተመለሰም።

28ኛው ነገሩን ወደ ቤታችን አመጣው። አፄ ኃይለ ሥላሴ ኤጀርሳ ጎሮ የተወለዱት ሐምሌ 16 ቀን 1884 ነው። መጽሐፉ ሁሉ በፈረንጅ ጁላይ 23 ቀን 1892 ይላል። በጋሼ ሒሳብ ግን ጁላይ 22 ይመጣል። ታዲያ መጻሕፍቱ ሁሉ ተሳሳቱ? 29ኛው ተቆጣ። የንጉሥ ልደት በስልክ ማስያ አይታረምም፣ ዓለም የተቀበለውን ማን ሰጥቶን ነው የምንቀይረው አለ። ቃላቱ እዚህ የማይደገሙ ናቸው፤ አስተዳዳሪው አንዱን መስመር አጥፍቶታል። 30ኛው የጋሼ ነው፣ በጣም አጭር። የልደቱን ቀን አልነኩትም። ሐምሌ 16 ሐምሌ 16 ነው። የሚለያየው ትርጉሙ ብቻ ነው፣ ጁላይ 23 የሚመጣው የኋለኛውን ዘመን ልዩነት ለቀደመው ስትጠቀም ነው። እኔ በዚህ ጉዳይ ከጋሼ ጋር ነኝ። ደግሞም ንጉሡ በሕይወት ሳሉ ሲያከብሩ የኖሩት በሐምሌ 16 ነው።

31ኛው ለብቻው የቀረ የኮምፒውተር ሰው ነው። የመጀመሪያው ድረ ገጽ በ1991 ኦገስት 6 ተከፈተ መባሉ በየቦታው የሚደጋገም ነገር ነው። ገጹ ግን ስዊዘርላንድ ውስጥ ባለው ሰርን ከ1990 መጨረሻ ጀምሮ ይሠራ ነበር። ኦገስት 6 ቲም በርነርስ ሊ ስለ ሥራው ለሕዝብ በጽሑፍ ያሳወቀበት ቀን ነው። ማንም መልስ አልሰጠውም። ያሳዝናል።

32ኛዋ ሁላችንም ልንጠይቀው የሚገባንን ጠየቀች። ሐምሌ 30ን ስንጨቃጨቅ ዋልን፤ ዛሬ ነሐሴ 6 ራሱ ምን ሆነ? 33ኛው ሁለት አገኘላት። በ1941 በእኛ አቆጣጠር አራቱ የጄኔቫ ስምምነቶች የተፈረሙበት ነው፣ በጦርነት ጊዜ የቆሰለውን፣ የተማረከውንና ሰላማዊውን ሰው የሚጠብቁት። በ1973 ደግሞ አይ ቢ ኤም የመጀመሪያውን የግል ኮምፒውተሩን አወጣ። 34ኛው ኳጋ የሚባለውን የሜዳ አህያ ዝርያ ጨመረ። የመጨረሻዋ አምስተርዳም መካነ እንስሳት ውስጥ ኦገስት 12 ቀን 1883 ሞተች። 35ኛዋ ወዲያው ያዘችው። 1883 ከ1900 በፊት ነው፣ ስለዚህ ነሐሴ 7 ቀን 1875 ይሆናል፣ ለነገ ይቆይ። ትምህርቱ ገብቷቸዋል ማለት ነው።

36ኛው ዛሬን አገኘላት። ኦገስት 12 ከ2012 ጀምሮ የዓለም የዝሆን ቀን ሆኖ ይከበራል። እኛ ደግሞ ዝሆን አለን። ከሐረር 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ሄደን ባቢሌ። ወደ 7 ሺህ ካሬ ኪሎ ሜትር የሚጠጋው የባቢሌ ዝሆን መጠለያ የተቋቋመው በፈረንጅ በ1970 ነው። ዝሆኖቹ ከሌሎቹ የአፍሪካ መንጋዎች ተነጥለው የቀሩ ናቸው። በኤረርና በጎቤሌ ሸለቆዎች መካከል እንደ ወቅቱ ይመላለሳሉ። አዘጋጁ ሂሮሺማ ድረስ ሲሄድ ይህ በራፉ ላይ ነበር።

37ኛው እዚያው አካባቢ ያደገ ነው። ልጅ ሳለ ማሽላው ሲያሽት ማታ ማታ ጥበቃ ይወጡ ነበር። ጀሪካን ይደበድባሉ፣ እሳት ያነዳሉ። ዝሆኑ ከማሽላው ይልቅ የሚወደው በለስ ነው። እሾሁን ከነምኑ ያኝከዋል። አንድ ማታ አንዲት እናት ዝሆን ከነግልገሏ አጥር ጥግ ቆማ ቀረች። ጀሪካኑን ቢመቱ አልሄደችም። ግልገሏ በልቶ ሲጠግብ ራሷ ዞራ ሄደች። አባቱ ያን ዓመት በጎደለው ማሽላ ተናደደ፣ ግን ዝሆኗን አልረገማትም። 38ኛዋ በዚህ ጨዋታ ውስጥ ገብታ ዝሆን ወደ 22 ወር እንደምታረግዝ አስታወሰች። አንዲቱ በጥይት ስትሞት መንጋው ለመተካት ስንት ጊዜ እንደሚፈጅበት አስቡት አለች። እርሻና ሰፈራ መጠለያውን እየበላው መሆኑን፣ የዝሆን ጥርስ አዳኞችም እንዳልጠፉ ጻፈች። ቁጣዋ ከጅምሩ ጭቅጭቅ ሁሉ ይበልጣል። ያለ ቦታው አልመጣም።

39ኛው ሄዶ ማየት ይቻል እንደሆነ ጠየቀ። 37ኛው ተመልሶ፣ ያለ ጠባቂ እንዳይሞክር፣ ክረምት ሲሆን ደግሞ ሣሩ ስለሚረዝም ዝሆን አጠገብ ቆሞ ዝሆን ላያይ እንደሚችል ነገረው። ይኸው 40ኛው ነው።

41ኛው የአዘጋጁ ነው። ለነገ ኳጋዋን መያዙን ገለጸ። ከዚያ ነሐሴ 7 በእኛ በኩል፣ በእኛ አቆጣጠር የሆነ ነገር የሚያውቅ ሰው እንዲልክለት፣ ከባቢሌ የሚመጣ ሰው ካለ ደግሞ አንድ ኪሎ ለውዝ እንዲይዝለት ጠየቀ። ይህን እስከምጽፍ ድረስ ስለ ለውዙ ብቻ ሦስት ሰው በውስጥ መስመር እንደጻፈለት ሰምቻለሁ።